የማን እጅ እንደሆነ ለጠየቁኝ ለክቡር ሊቀ መንበራችን

ኬሳርፑራ፣ ራጃስታን
እሑድ፣ ከቲጅ በዓል ማግስት

ለክቡር ጉማን ሲንግ ጂ፤
የኬሳርፑራ ማኅበረሰብ ጉባኤ ሊቀ መንበር፣ የሴቶቻችን ክብር ጠባቂ፣ «ክብራችን» የተባለው የስልክ ግሩፕ መሥራችና አስተዳዳሪ፤

ክቡር ሆይ፣ ይህ ደብዳቤ እርስዎንም መላው ቤተሰብዎንም በደህና፣ በጤናና በጥጋብ እንዲያገኝዎ ምኞቴ ነው። በተለይ ለሁለቱ ዓይኖችዎና ለቀኝ እጅዎ አውራ ጣት ጤንነት አጥብቄ እለምናለሁ፤ ባለፉት ስድስት ሳምንታት ያለ ዕረፍት ሲያገለግሉዎ የሰነበቱት እነሱ ናቸውና ቢደክማቸው አይፈረድባቸውም።

እኔ ዳፑ ባይ ነኝ። ከአምባር ሻጮቹ ሰፈር ጀርባ ምንጣፍ አንጥፌ ለሴቶች ሂና ስሥል ሠላሳ አንድ ዓመቴ ነው። ሁለቱ ሴት ልጆችዎ ሲዳሩ እጅና እግራቸውን የሣልኩላቸው እኔ ነኝ፤ ያኔ እርስዎ ራስዎ ደጅ ድረስ ሸኝተው «ዳፑ ባይ፣ እጅሽ ይባረክ» ብለውኛል። ከአሥር ቀን በፊት በላኩልኝ ማስጠንቀቂያ ላይ ግን «ዳፑ የተባለች ሂና ሠሪ» ተብዬ ስለተጻፍኩ፣ ምናልባት ረስተውኝ ይሆናል ብዬ ነው ራሴን እንደ አዲስ የማስተዋውቅዎ።

ይህን ደብዳቤ የጉባኤው በር ላይ ተለጥፎ የሚያነብ እንግዳ ግራ እንዳይጋባ ነገሩን ባጭሩ ልጻፈው። ዝናቡ ሊገባ ሲል ሃያ ስድስት ሴኮንድ የሚፈጅ ቪዲዮ በከተማችን ስልኮች ላይ ወጣ። አንዲት ሴት ለአንድ ሰው ብቻ ያሰበችው፣ ከዚያ ሰው በቀር ማንም እንዲያየው ያልፈቀደችው ነው። ፊቷ አይታይም። የሚታወቅ ነገር ቢኖር ሂና የተቀቡ ሁለት እጆቿ ናቸው፤ በመዳፎቹ ላይ አንገቱን ወደ ኋላ ያዞረ ጣዎስ ተሥሏል። ሌላውን አልጽፍም። ያየ አይቶታል፣ ያላየም ምንም አልቀረበት።

አቤቱታዬን እንደ ሥርዓቱ በቁጥር አቀርባለሁ።

አንደኛ፣ አስቀድሜ ስለ ፍጥነትዎ ላመሰግንዎ። ቪዲዮው በደረስዎ ማለዳ፣ ገና ሻይዎን ሳይጨርሱ፣ «ክብራችን» ወደተባለው ግሩፕ፣ ለአራት መቶ አሥራ ሁለት ወንዶች ልከው ከሥሩ እንዲህ ብለው ጻፉ፦ «ይህች ሴት የከተማችን ልጅ ሳትሆን አትቀርም። የሚያውቃት ለጉባኤው ያሳውቅ። ለክብራችን ሲባል ለሌላ ሰው አታስተላልፉ።» አራት መቶ አሥራ ሁለቱም ለክብራችን ሲሉ አስተላለፉት። ለምሳ ጆድፑር ገባ፤ ወደ ማታ ሱራት ውስጥ በጨርቅ ፋብሪካ የሚሠሩ ልጆቻችን ዘንድ ደረሰ፤ በማግስቱ ዱባይ ውስጥ ከባድ መኪና የሚነዳው የአጎቴ ልጅ «ይቺ የኛ አገር ሂና አይደለችም እንዴ?» ብሎ ለእህቱ ደወለላት። አንዱ የሠርግ ዘፈን አስገባበት። አንዱ የእጆቹን ምስል ብቻ ቆርጦ ፍጥነቱን ቀንሶ አሰራጨው። ከየት እንደሆነ የማይታወቅ ሌላው ደግሞ «ሙሉውን የምትፈልጉ ሊንኩ ከታች አለ» እያለ ሕዝቡን ወደ ቁማር ጨዋታ ነዳው፤ ሙሉ የሚባል ነገር ጭራሽ የለም። በሻይ ቤቱ የሚውሉት የተከበሩ ሽማግሌዎች ሳይቀሩ «እኔ አልፈለግሁትም፣ ልጄ ነው የላከልኝ» እያሉ ስልኩን ከዓይናቸው ራቅ አድርገው ሲያዩ በዓይኔ አይቻለሁ። ይህ ሁሉ የሆነው እርስዎ ክብራችንን ለመጠበቅ ቀድመው በመነሳትዎ ነውና ምስጋናዬ ይድረስዎ።

ሁለተኛ፣ ስለ ጉባኤዎ ምርመራ። ሙሽራ ሂና ስትቀባ የባሏ ስም የመጀመሪያ ፊደል በአበቦቹ መሃል ይደበቅና ባልየው ፈልጎ እንዲያገኘው ይደረጋል፤ የሁለቱ ጨዋታ ነው፣ የሌላ የማንም አይደለም። የጉባኤዎ አባላት ግን ቪዲዮውን አቁመው፣ አጉልተው፣ መነጽራቸውን አድርገው፣ ለሦስት ቀን ፊደል ሲፈልጉ ሰነበቱ። የሚገርመው ሁሉም አገኘ። ሁሉም ያገኘው ግን የሚጠላውን ሰው ስም ፊደል ነበር፤ ዘይት ነጋዴው የተቀናቃኙን፣ ተቀናቃኙ ደግሞ የዘይት ነጋዴውን። እዚያ እጅ ላይ ፊደል እንደሌለ ልነግራችሁ እችል ነበር፤ ሥራው የእኔ ነው፣ አልክድም። ማንም አልጠየቀኝም።

ፊደሉ አላስማማ ሲል የቬሩላል ፎቶ ቤት መስኮት ትዝ አላችሁ። እዚያ የተሰቀለው ትልቁ ፎቶ የቪኒታ የሠርግ ፎቶ ነው፤ ሁለት መዳፎቿን ወደ ካሜራው ዘርግታ፣ በላያቸው ያው ጣዎስ አንገቱን አዙሮ። አለቀ፣ ተገኘች ተባለ። ቪኒታ በሴቶች ትምህርት ቤት የሒሳብ አስተማሪ ናት፤ ስኩተር ትነዳለች፤ ሽማግሌ ሲያልፍ ፊቷን አትሸፍንም። ጥርስ ውስጥ ከገባች ቆይታለችና ጣዎሱ ሰበብ እንጂ ምክንያት አልነበረም። በዚያ ሳምንት የትምህርት ቤቱ ኃላፊ «ነገሩ እስኪጣራ ቤትሽ ቆዪ» አሏት። የባሏ ቤተሰቦች ሻንጣዋን አስይዘው በአባቷ በጡረተኛው ፖስተኛ በሞድ ራም ደጅ ላይ ጥለዋት ሄዱ። ባሏ ናርፓት ስልኩን አጥፍቷል፤ ከእሱም ምንም አልጠብቅም።

ክቡር ሆይ፣ ያንን ጣዎስ ባለፈው የሠርግ ወቅት ብቻ ከስልሳ በላይ ሙሽሮች እጅ ላይ ሥዬዋለሁ። አንዷ ላይ ያየች ሌላዋ «ለእኔም እንደሷ» ትላለች፤ ሥራችን እንዲህ ነው። ይህን ለማወቅ ሁለት መቶ እርምጃ ተራምዶ ምንጣፌ ድረስ መምጣት በቂ ነበር። አንዲት ልጅ ኑሮዋን ያጣችው ሁለት መቶ እርምጃ የሚራመድ ወንድ ጠፍቶ ነው፤ ይህን ስጽፍ ደሜ ይፈላል፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ።

ሦስተኛ፣ ስለላኩልኝ ማስጠንቀቂያና ስለ መልእክተኞችዎ። ማስጠንቀቂያው የሚለው የቪኒታ ነገር እንዲረጋገጥ የደንበኞቼን ደብተርና በስልኬ ያለውን የእጆች ፎቶ በሙሉ በአሥር ቀን ውስጥ ለጉባኤው እንዳስረክብ ነው፤ እምቢ ብል ደግሞ ነገ ሰኞ በሚቀመጠው ጉባኤ በሞድ ራም ቤት ላይ ሁካና ውሃ ይዘጋል። ማለትም ማንም አብሯቸው ሁካውን፣ ጋያውን፣ እንዳያጨስ፣ ደጃቸውን እንዳይረግጥ፣ ባለሱቅ እንዳይሸጥላቸው፣ ከጉድጓዱ እንዳይቀዱ። እኔ ደብተር ስለደበቅሁ የሚቀጣው ፖስተኛው ነው ማለት ነው። እንዲህ ያለ ፍርድ ለማውጣት ብዙ ትምህርት እንደሚጠይቅ እገምታለሁ።

መልእክተኞቹ የወንድምዎ ልጅ ሎኬንድራና የጉባኤው ጸሐፊ ነበሩ። የወንድምዎ ልጅ ጫማውን ሳያወልቅ ምንጣፌ ላይ ቆሞ ስልኩን አፍንጫዬ ላይ ደቀነው።

«አክስቴ፣ ቀላል ነገር ናት። አየት አርጊና ስሟን ጥሪልን፣ እንሄዳለን» አለኝ።

«ስልኩን ከፊቴ አንሳው» አልኩት።

«ምን አለበት፣ ሁሉም አይቶታል እኮ።»

«ሁሉም ካየው እኔ ለምን አስፈለግኋችሁ?»

ጸሐፊው ጉሮሮውን ጠረግ አድርጎ «የከተማው ክብር ነው፣ ዳፑ ባይ። ነገሩን አታክብጂው» አለኝ። እኔም እሺ፣ ቪዲዮውን ከዚያ ሰው ስልክ ያወጣው ማን እንደሆነ ጉባኤው ጠይቋል ወይ ብዬ ጠየቅሁት። «እሱ የፖሊስ ሥራ ነው» ብሎ መለሰልኝ። ሞድ ራም ፖሊስ ዘንድ እሄዳለሁ ባሉ ጊዜ ደግሞ እርስዎ «የቤት ጉዳይ ከቤት አይወጣም» ብለው እንደመለሷቸው መላው ሰፈር ያውቃል። እስከ ዱባይ የሄደው ጉዳይ እስከ ፖሊስ ጣቢያ መሄድ ምነው ከበደው?

ሎኬንድራ ሌላ ጊዜ ድካም እንዳይሆንበት አንድ ነገር በግልጽ ልጻፍልዎ። አዎ፣ አውቃለሁ። ስልኩ ፊቴ በተደቀነ ጊዜ ዓይኔን ብጨፍንም ቀድሜ አይቼ ነበር፤ ያየሁት ደግሞ ሥራዬን ብቻ አይደለም፣ እጇንም ነው። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ የሴት እጅ ጭኔ ላይ አስቀምጬ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ የጣት አጣጣፉን፣ የአውራ ጣቱን አጥንት፣ በልጅነት ምድጃ የነካውን ጠባሳ አውቃለሁ። ማን እንደሆነች አውቃለሁ፣ ቪኒታ አይደለችም፣ ከዚህ በላይ አንዲት ቃል አታገኙም። ያገባች ትሁን ያላገባች፣ እዚህ ትኑር ሌላ አገር፣ ሆድ ይፍጀው።

አራተኛውን ልጽፍ ስል አንጀቴ አርሮ ቁጥሩ ጠፋኝ፤ ከዚህ በኋላ ያለውን ሳልቆጥር እነግርዎታለሁ።

ማስጠንቀቂያዎ በደረሰኝ በሦስተኛው ቀን ሞድ ራም ቤት ሄድኩ። ቪኒታ በጓዳው መስኮት ሥር መሬት ላይ ተቀምጣ ደብተር ታርማለች። ተማሪዎቿ የቤት ሥራቸውን በጓሮ በኩል በመስኮት ያቀብሏታል፣ በማግስቱም በዚያው ይወስዳሉ፤ ከሥራ የታገደችው በፊት ለፊት በር ብቻ ነው። እናቷ ገና ሳልቀመጥ እግሬ ላይ ወደቁ።

«ዳፑ እህቴ፣ አንድ ስም ነው፣ አንድ ስም ብቻ። እሱን አውጪና ልጄን አውጪልኝ» አሉኝ።

ክቡር ሆይ፣ ከዚህ ሁሉ ነገር ይቅር የማልልዎ ይህችን ሰዓት ነው። ስሙ ምላሴ ላይ ደርሶ ነበር። የእናትን እንባ እያየሁ፣ የተጠረጠረችውን ልጅ ንጽህና እያወቅሁ፣ አፌን ልከፍት ነበር፤ ከፍቼው ቢሆን ኖሮ ዛሬ እርስዎ ደስ ብሎዎት ቪኒታን ይቅርታ ጠይቀው ሌላዋን በያዙ ነበር። ያቆመችኝ ቪኒታ ናት። ቀና ሳትል ነው የተናገረችው።

«ተይ፣ እማዬ። የሷን ስም ብታወጣ እኔ የተቀመጥኩበት እሷ ትቀመጣለች። ተቀያየርን እንጂ ምን ተቀነሰ?» አለች። ደግሞም ሴቱ ሁሉ ሂና የሚቀባበት ቲጅ ቀርቦ ነበርና ወደ እኔ ዞራ «በቲጅ ስንት ሴት ነው የምትሠሪው?» አለችኝ።

«የእህቴ ልጆች ከረዱኝ ሦስት መቶም ይሞላል» አልኳት።

«እና ሁሉም ላይ ያ ጣዎስ ቢኖር እነሱ ምን ይይዛሉ?» አለችና ደብተሯን ማረም ቀጠለች። የሒሳብ አስተማሪ መሆኗን ያየሁት ያን ቀን ነው።

ስለዚህ ረቡዕ ማለዳ ምንጣፌ አጠገብ በካርቶን ላይ ጽፌ ሰቀልኩ፦ «በዚህ ቲጅ የምሥለው አንገቱን ያዞረ ጣዎስ ብቻ ነው። የማትፈልግ ሌላ ቤት ትሂድ።» ሴቶቹ መጡ፣ አነበቡ፣ ማንበብ ለማይችሉት ተነበበላቸው፣ ከምንጣፌ ራቅ ብለው ቆሙ። ሁሉም ምን ማለት እንደሆነ ገብቷቸዋል። ማንም ላይቀመጥ ይሆን ብዬ ፈራሁ። ከዚያ አትክልት ሻጯ ኬሪ ባይ ቅርጫታቸውን አውርደው እያቃሰቱ ተቀመጡና ያንን እንደ ቅርፊት የጠነከረ እጃቸውን ዘረጉልኝ።

«ያ የተባለው ጣዎስ ነው? በይ ሥሪው። ሰባ ሁለት ዓመቴ ነው፤ እስቲ እኔንም ይጠርጥሩኝ» አሉ።

ሴቱ ሁሉ በሳቅ ፈረሰ፣ ከዚያ በኋላ ሰልፉ እስከ አምባር ሻጮቹ ሰፈር ደረሰ። በሦስት ቀን ሦስት መቶ አርባ ሴት ሠራን። የትምህርት ቤቱ ኃላፊ ሚስት መጡ። የዘይት ነጋዴው ሚስትና የተቀናቃኙ ሚስት ጎን ለጎን ተቀመጡ። የቪኒታ አማት ዓርብ ረፋዱ ላይ ፊታቸውን ተሸፋፍነው መጥተው እጃቸውን ሰጡኝ፣ ሲነሱ «ለልጅቷ ንገሪያት» አሉኝ። ምን ብዬ እንደምነግራት አልነገሩኝም፤ እኔ ግን እንዲሁ ነገርኳት።

የእጁ እውነተኛ ባለቤትም በመሃል መጥታ ይሆናል፣ ሳትመጣም ቀርታ ይሆናል። እጇን ከሌሎቹ ጠበቅ አድርጌ ይዤላት እንደሆነ ለእርስዎ አልጽፍም።

ትናንት በበዓሉ ጠዋት የሆነውን እርስዎ ከእኔ በላይ ያውቁታል። ሴቶች አባል ባልሆኑበት ግሩፕዎ ውስጥ፣ ከባሎቻቸው ስልክ፣ የእጅ ፎቶ ይዘንብ ጀመር። ጣዎስ በጣዎስ ሆነ። ከእያንዳንዱም ሥር እርስዎ ያኔ የጻፉት ቃል ሳይቀየር ሰፈረ፦ «የሚያውቃት ለጉባኤው ያሳውቅ።» ከአስተዳዳሪው በቀር ማንም እንዳይጽፍ ብለው ግሩፑን ስለዘጉት ነው እኔም ይህን በወረቀት ጽፌ በጉባኤው በር፣ በቤተ መቅደሱ ኩሬ ዳርና በቬሩላል ፎቶ ቤት መስኮት ላይ የምለጥፈው።

የምለምንዎ ጥቂት ነው። ነገ ሰኞ በመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ቪኒታ ክፍሏ ገብታ ትቁም፤ የትምህርት ቤቱን ኃላፊ የሚያዙት እርስዎ ነዎትና አንድ ስልክ ይደውሉ፣ አውራ ጣትዎ ለዚህ አይሰንፍም። በሞድ ራም ቤት ላይ ሁካና ውሃ መዝጋት ከፈለጉም መብትዎ ነው፤ ግን ምክንያቱ ጣዎሱ ስለሆነ በሦስት መቶ አርባ ቤት ላይ ይዝጉት፤ ነገ ማታ ማን እራት እንደሚሠራላችሁና ማን ውሃ እንደሚቀዳላችሁ ጉባኤው ቀድሞ ተወያይቶ ይወስን። ደብተሬን በተመለከተ፣ ዓርብ ዕለት ሂናውን የማሞቅበት ከሰል ውስጥ ጨምሬዋለሁ። በስልኬ ያሉትን ፎቶዎችም አጥፍቻለሁ፤ የሠላሳ አንድ ዓመት ሥራዬን ማሳያ እነሱ ብቻ ነበሩ፣ ሳጠፋቸው አልቅሻለሁ።

አንድ ጥፋት ግን ራሴ ልናዘዝ። እኔ ባሌ ከሞተ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሆኖኛል፤ መበለት ሂና እንደማትቀባ እርስዎም ያውቃሉ፣ እኔም አክብሬው ኖሬአለሁ፣ የሰው እጅ እያስዋብኩ የራሴን ባዶ ይዤ። ዓርብ አመሻሽ ሴቶቹ ሁሉ ከሄዱ በኋላ ቪኒታ በጓሮ መጣችና «አምጪ፣ እጅሽን» አለችኝ። ሥላ አታውቅም፤ ጣዎሱ ዶሮ መሰለ፣ መስመሩም ወልገድገድ ብሏል። እየሣለችም እያለቀሰችም ነበር፣ እኔም እንደዚያው። አሁን ይህን የምጽፈው በዚያ እጄ ወረቀቱን ይዤ ነው፤ ጉባኤው ቅጣቱን ሲያሰላ ይህንንም ይጨምርልኝ።

ክብርዎ እንዲጠበቅ፣ ወንበርዎ እንዲጸና፣ የስልክዎ ባትሪም እንዳያልቅ እየተመኘሁ፣ ከታላቅ አክብሮትና ከዚያ ከሚበልጥ ንዴት ጋር እሰናበትዎታለሁ።

ወላጆቿ አምስተኛ ሴት ልጅ ስትሆንባቸው «ዳፑ»፣ ማለትም «በቃን»፣ ብለው ስም ያወጡላት፣
ዳፑ ባይ
የኬሳርፑራ ሂና ሠሪ

ማስታወሻ፦ ባለቤትዎ ሱራጅ ከንዋር ሐሙስ ከሰዓት መጥተው ነበር። እንደ ቤትዎ ክብር ሌላ ሥዕል ልሥራልዎት ብላቸው «የለም፣ ያንኑ ሥሪ፣ እስከ ክርን ድረስ» አሉኝ። ዛሬ ምሳ ሲያቀርቡልዎ እጃቸውን ደህና አድርገው ይመልከቱት፤ ካጠራጠረዎትም በስልክዎ ካለው ቪዲዮ ጋር ያስተያዩት። እስከ ዛሬ እንዳልሰረዙት እሳቸው ነግረውኛል።